ድንበር የሌለው ማሽላ

ደጅ ወጥተው ሥዕል የሚስሉ ሰዎች ገጥመዋችሁ ያውቃሉ? እኔ አንዷን ወልጃለሁ። ቤታችን መርሳ ነው፤ ጥላም ወንበርም አለን። ልጄ ዘይነባ ግን “ሥዕል የሚሳለው ብርሃኑ ካለበት ሄዶ ነው” ትላለች። ታዲያ መስኮት ለምን ተሠራ?

ኅዳር ላይ ሲሪንቃ መንገድ ዳር፣ የደረሰ ማሽላ ፊት ለፊት፣ ባለሦስት እግር ማቆሚያዋን ተከለች። እኔ ጃንጥላ ይዤላት ቆሜያለሁ። የማሳው ባለቤት፣ አንድ አዛውንት፣ ዱላቸውን ይዘው መጡ።

“መሬቴን ለክታችሁ ልትወስዱብኝ ነው?”

“አባባ፣ እየሳልኩ ነው እንጂ አልለካሁም።”

“ባለሦስት እግሩን አውቀዋለሁ! የወንድሜን መሬት ሲወስዱም እሱን ነው ያቆሙት።”

“ወላሂ ልጄ መለካት አታውቅም!” አልኩ። “ወጥ ስትሠራ ጨው እንኳ ለክታ አታውቅም!”

ጠጋ ብለው ሥዕሉን አዩት። ቢጫ፣ ቀይ፣ ወይን ጠጅ ነጠብጣብ ብቻ ነው።

“ድንበሬ የታለ? የእኔን ከጎረቤቴ ማሽላ ደባለቅሽው!”

“ብርሃን ውስጥ ድንበር የለም፣ አባባ።”

ይህ ለገበሬ የሚነገር ነገር ነው?

“ልጄ፣ በአላህ አስምሪላቸው!” ብዬ ለመንኳት። ሥዕሉን አየች፣ ዱላውን የጨበጠውን የሰውየውን እጅ አየች፤ ከዚያ በጥቁር ቀለም ከላይ እስከ ታች አሰመረች።

አዛውንቱ ዱላቸውን ዝቅ አደረጉ። “አሁን የእኔ ማሽላ ሆነ። አላህ ያሳድግሽ።”

ዘይነባ ሥዕሉ ተበላሸ ብላ ልትጥለው ነበር። እኔ ሳሎን ሰቀልኩት። እንግዳ ሁሉ ቀለሙን ያደንቃል፤ እኔ የማየው መስመሩን ነው።