ድምፅ ለሌለው ፊልም አስተርጓሚ

ይህን ስጽፍ ልሳሳት እችላለሁ፤ ነገሩ የሆነው በፈረንጅ አቆጣጠር በዘጠናዎቹ አጋማሽ ይመስለኛል፣ ዓመቱን ግን እርግጠኛ አይደለሁም።

«እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» እንላለን። በድሮዎቹ ድምፅ አልባ ድራማዎች ግን ማደር የለም፤ ግፈኛው በአንድ ሰዓት ውስጥ ይዋረዳል፣ የተገፋው ቀና ይላል፣ መብራት ይበራል፣ ካፖርታችሁን ለብሳችሁ ትወጣላችሁ። ኑሮ እንዲህ ቢቸኩል ኖሮ ሽማግሌ ማን ይልክ ነበር?

በስደት በምንኖርባት ከተማ ጎረቤታችን የሆኑት ጋሼ ደምሴ ኦግደን ሰፈር ካለ መጋዘን የተባረሩት፣ አብሮ አደጋቸው አቶ ወርቁ ራሳቸው በዕቃ ማንሻው ፎርክሊፍት የደረመሱትን ዕቃ «ደምሴ ነው» ብለው ስላሳበቡባቸው ነው። አቶ ወርቁ በኋላ ተጸጽተው ሁለት ጊዜ ሽማግሌ ላኩ። ጋሼ እንቢ አሉ። አቶ ወርቁ ለልብ ኦፕሬሽን ሊገቡ አንድ ቀን ሲቀራቸው፣ ጋሼ ትንሽ እንዲፍታቱ ብዬ ላይብረሪ ውስጥ በነፃ የሚታይ ፊልም ወሰድኳቸው።

«ድምፁን ይክፈቱልን እንጂ» አሉኝ ገና ሲጀምር። እንደሌለው አስረዳኋቸው።

እዚህ ባሕር ማዶ ያደግን ልጆች ሙያችን የታወቀ ነው። ለወላጆቻችን ሐኪሙን፣ ባንኩን፣ አከራዩን እናስተረጉማለን፤ ክፉውን ቃል መንገድ ላይ እናለዝበዋለን። ስክሪኑ ላይ ብቅ እያለ የሚጠፋውን የእንግሊዝኛ ጽሑፍም እንደ ልማዴ በጆሯቸው አንሾካሾክኩላቸው። መጨረሻ ላይ በሐሰት የመሰከረው ሰው ከተበደለው ደጃፍ ተንበረከከ። የተበደለው ከንፈር ተንቀሳቀሰ፤ ጽሑፍ መጣና ሄደ።

«ምን አለው?» አሉኝ ጋሼ።

ጽሑፉ አምልጦኝ ነበር። ወይም አምልጦኛል ብዬ ራሴን አሳምኛለሁ።

«ይቅር ብዬሃለሁ አለው» አልኳቸው።

ወጥተን መኪናዬ ውስጥ ገባን። ሞተሩን ሳስነሳ፣ «ወደ ቤት፣ ወደ ራንድል አይደለም» አሉ። «ዶቨር ውሰደኝ፤ ወርቁ ቤት።»

በሩን የከፈቱት ራሳቸው አቶ ወርቁ ናቸው። ሁለቱ አብሮ አደጎች ቃል ሳይወጣቸው ተቃቅፈው ቆሙ። እዚያ የሚተረጎም ነገር አልነበረም።

አቶ ወርቁ ከኦፕሬሽኑ አልተነሱም። ለቅሶው ላይ ጋሼ አጠገቤ ተቀምጠው፣ «አንተ ልጅ፣ ያ የፊልሙ ሰውዬ ይቅር ባይል ኖሮ እኔም አልልም ነበር እኮ» አሉኝ።

ከጥቂት ወራት በኋላ የፊልሙን ቪዲዮ ከላይብረሪው ተዋስኩና ያችን ቦታ አቁሜ ሦስት ጊዜ አነበብኳት። «ተነስና ሂድ፤ ፍርድህን ከላይ ታገኛለህ» ነው የሚለው።