ጣሪያ የሌለው ባንክና የኦይታ በሬዎች

ባንክ ቤት መሄድ ደስ ይለኛል ስል ሰው ይስቅብኛል። ይሳቅ። ሌላው ወረፋውን ይጠላል፤ እኔ ለወረፋው ነው የምሄደው። ጂንካ ውስጥ ማን እንደታመመ፣ ማን ልጁን እንደዳረ፣ የማን ቤት እንደተሸጠ ለማወቅ ከባንክ ወንበር የተሻለ ቦታ ካለ ንገሩኝ። ገንዘቡ ሰበብ ነው። ደግሞስ ምን ያህል ገንዘብ ኖሮኝ ነው? ያለኝ ፎቶኮፒ ቤት ነው። እስክሪብቶ፣ ደብተርና የስልክ ቻርጀር እሸጣለሁ፤ መብራት ሲኖር ደግሞ ኮፒ አደርጋለሁ።

ይህ ነገር ከአባቴ የወረስኩት ሳይሆን አይቀርም። አባቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ የእህል ነጋዴ ነበር። ብሩን እቤት ሲያስቀምጥ ደህና ይተኛ የነበረ ሰው ባንክ ካስገባ ወዲህ እንቅልፍ አጣ። ዶፍ ዝናብ ባደረ ቁጥር ጠዋት ተነስቶ ባንኩ ደጃፍ ይሄዳል። አይገባም። መንገድ ዳር ቆሞ ጣሪያውን ያያል። ቆርቆሮው እንዳልተገነጠለ ካረጋገጠ በኋላ ይመለስና እናቴን "ደህና አድሯል" ይላታል። የማያውቅ ሰው ቢሰማ የታመመ ዘመድ ያለን ይመስለው ነበር።

እንግዲህ የዚህ ሰው ልጅ ነኝ ጣሪያ የሌለው ባንክ የመጣብኝ።

ሰምታችሁ ይሆናል። ቅርንጫፍ የለውም፣ ወንበር የለውም፣ ዘበኛ የለውም። በስልክ ትከፍቱታላችሁ፣ በስልክ ትልካላችሁ፣ በስልክ ትከፍላላችሁ። ወጣቶቹ ወደዱት። እኔም አልጠላሁትም፤ ግን አንድ ነገር አልገባኝም ነበር። ብሩ መጀመሪያ በየት በኩል ነው የሚገባው? በእጄ የያዝኩትን የወረቀት ብር ስልክ ውስጥ የምከተው እንዴት አድርጌ ነው? የሞኝ ጥያቄ መስሎኝ ማንንም ሳልጠይቅ ኖርኩ። ኋላ ኦይታ መጣና እንድጠይቅ አስገደደኝ።

ኦይታ ከጂንካ ወጣ ብላ ያለችው የካኮ ሰው ነው፤ ብሔረሰቡ በና ነው። ለብዙ ዓመት ማር ሲያመጣልን ኖሯል። ልጁ ምህረት ጂንካ ሁለተኛ ደረጃ ስትማር እኛ ግቢ ውስጥ ነበር የተከራየችው። ፈተና ሲደርስ እኔ ሱቅ ቁጭ ብላ ነው የምታጠናው፤ "ጋሼ" ትለኛለች። ዘንድሮ ሀዋሳ አንድ የግል ኮሌጅ ነርስነት እንድትማር ተቀበላት፤ እሷም እዚያው ሄዳ ትጠብቃለች። ምዝገባው ዓርብ ይዘጋል። ክፍያው በስልክ ነው። ልጅቷ ያላት ሂሳብ ደግሞ ይኸው ጣሪያ የሌለው ባንክ ብቻ ነው፤ የሂሳቡ ቁጥር የስልኳ ቁጥር ነው።

ኦይታ ሰኞ ካኮ ገበያ ለምዝገባውና ለቀለቧ ሁለት በሬ ሸጦ ማክሰኞ ጠዋት ሱቄ መጣ። ሁለት በሬ መሸጥ ቀላል ነገር እንዳይመስላችሁ። ወንድሞቹ በአንድ ድምፅ ተቃውመውታል። ለሴት ልጅ ትምህርት በሬ ይሸጣል ወይ? ያውም ከብት ይዞ የሚጠብቃት ባል እያለ? ከብዙ ክርክር በኋላ የተስማሙት በአንድ ነገር ነው። ዘንድሮ ከተመዘገበች ትማር፤ ካልተመዘገበች ለሰውዬው እሺ ይባላል። ኦይታ ይህን ሁሉ በቆመበት ነገረኝና፣

"ብር ከደረሰ ልጄ ትማራለች። ካልደረሰ ትሄዳለች" አለኝ።

በበና ሰው አማርኛ አንቱታ የለም፤ ማዞርም የለም። ነገሩ ቀጥ ብሎ ይመጣል።

መጀመሪያ መናኸሪያው አጠገብ ካለው ወኪል ሄድን። ጥሬ ብር ተቀብሎ በስልክ የሚልክ ባለሱቅ ነው። የኦይታን ብር አየና ራሱን ነቀነቀ። ለካ እሱም የሚልከው ስልኩ ላይ ካለው ብር ነው፤ እሱ ደግሞ አልቆበታል። መሳቢያውን ከፍቶ አሳየን። በወረቀት ብር ታጭቋል። "ካሽ ሞልቶኛል፤ የሚወስድልኝ ነው ያጣሁት" አለ። ነጋዴ ብር ሞልቶኛል ሲል በዕድሜዬ የሰማሁት ያን ቀን ነው።

ያኔ ብልሃት መጣልኝ። ብሩን ጣሪያ ባለው ባንክ በእኔ ሂሳብ እናስገባዋለን፤ ከዚያ እኔ ከስልኬ ወደ ምህረት እልከዋለሁ። ኦይታ በጥሞና አዳመጠኝና አንድ ነገር ብቻ ጠየቀ።

"አንተ ጋ ያድራል?"

"ኧረ አያድርም፤ ወዲያው ነው" አልኩት፣ ባንኩን እኔ የሠራሁት ይመስል።

ወረፋ ጠብቀን መስኮቱ ጋ ደረስን። መቁጠሪያ ማሽኑ ብሩን እየዋጠ ተፋው። ለካ ኦይታ ብሩን ያሳደረው ሚስቱ ዘንድ ነው። እሷ ደግሞ እንደ አገሩ ወግ ፀጉሯን ቅቤና ቀይ አፈር ትቀባለች፤ ብሩም በአንድ ሌሊት ቀልቶ፣ ቅቤ ቅቤ እየሸተተ መጥቷል። ገንዘብ ያዧ ልጅ ፈገግ ብላ በእጇ ቆጠረችው። ስትጨርስ ጣቶቿ ቀልተው ነበር። ደረሰኙን ተቀበልኩ፣ ከበሩ ወጣሁ፣ ስልኬን አወጣሁ።

ኔትወርክ የለም።

ትንሽ ጠበቅን። የለም። ዳታው ብቻ አይደለም፤ መደወልም የለም። መስመር ተቆርጧል ተባለ፤ የት እንደተቆረጠ የሚያውቅ የለም። ወደ ባንኩ ተመልሼ "እንግዲያው ብሩን በእጄ ስጡኝ፤ ኔትወርክ ያለበት ድረስ እወስደዋለሁ" አልኩ። "ሲስተም የለም" አሉኝ። ብሩ ገብቷል፤ መውጣት አይችልም። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት ይኸው ነው።

ለኦይታ እንዴት እንደምነግረው ጨነቀኝ። ነገርኩት። አልተቆጣም።

"ብሩ የት ነው?" አለ።

"ባንክ ነው።"

"አንተስ?"

"እኔማ ይኸው አለሁ።"

"አንተ ካለህ አለ" አለና ዱላውን አንስቶ ሄደ። ተቀይሞ ወደ ካኮ የተመለሰ መሰለኝ።

ከዚያ በኋላ ያሉት ቀናት አይነሱ። ዛሬ ይመጣል፣ ነገ ይመጣል ሲሉኝ ስልኬን ይዤ ኔትወርክ ወዳለበት ልሂድ ሳልል ቀረሁ። አሮጌው አውሮፕላን ማረፊያ ሜዳ ላይ ስልኬን ወደ ሰማይ ዘርግቼ ስዞር ያየኝ ሁሉ ጤንነቴን ጠይቋል። ዕዳ ከሜዳ የሚባለው በእኔ ላይ ቃል በቃል ደረሰ። ባለቤቴ አስቴር ደግሞ "የበናውን ሰው ብር በላ ነው የሚሉት" ትለኛለች። ቢሉስ ይፈረድባቸዋል? ከእኛ ከከተማ ነጋዴዎች መሐል የገጠሩን ሰው ማር በተንሻፈፈ ሚዛን ሲገዛ የኖረ ስንት አለ። ደረሰኙን በኪሴ ይዤ ዞርኩ፤ ግን ደረሰኙን ማን ያነበዋል? ከሁሉም የባሰብኝ ምህረት ናት። ዓርብ ማታ ኮሌጁ መዝገቡን ሲዘጋ ታየኝ። ያች ልጅ በሱቄ ጥግ ደብተር ላይ አቀርቅራ ስትታየኝ እህል አልበላ አለኝ። በእኔ ብልሃት ተዳረች ማለት ነው።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ ስልኬ በአንድ ጊዜ ይጮህ ጀመር። ኔትወርክ መጣ። ብሩን ለምህረት ላክሁት። ዘግይቷል፤ ቢሆንም ላክሁት። "ተልኳል" አለኝ። ብዙም ሳይቆይ ምህረት ደወለች።

"ጋሼ፣ ይሄ የምን ብር ነው?"

"የምዝገባሽ ነዋ ልጄ።"

"እኔኮ ሐሙስ ተመዝግቤያለሁ" አለችኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ኦይታ ወደ ካኮ አልነበረም የሄደው፤ በረቡዕ የጠዋት አውቶቡስ ቆላ፣ ወይጦ ወርዷል። እዚያ ቦራ የሚባል የፀማይ ሰው አለው። ቤሉ ነው። ቤል ማለት የከብት ወዳጅ ማለት ነው። የእነዚህ አገር ሰዎች ከብታቸውን ሁሉ አንድ በረት አያጉሩም። አንዱን ላም እዚህ ወዳጅ ዘንድ፣ ሌላውን ጊደር እዚያ ወዳጅ ዘንድ ያስቀምጣሉ። ወተቱን የሚጠብቃት ወዳጅ ይጠጣል፤ ላሟ የባለቤቷ ናት። አንድ አገር ድርቅ ወይም በሽታ ቢገባ ሌላው አገር ያለው ይተርፋል። ኦይታም ወርዶ ለቤሉ ችግሩን ነገረው። ቦራ አንድ ወይፈን ነድቶ አስፋልቱ ዳር ወጣ። ወደ ኮንሶ በኩል ከብት የሚጭን የሚያውቀው ነጋዴ ነበር። "ብሩን ለእኔ አትስጠኝ። ስልክህ የሚሠራበት ስትደርስ በዚህ ቁጥር ለኦይታ ልጅ ላክላት" አለው። ወይፈኑ በመኪና ሄደ፤ ብሩ ሐሙስ ምህረት ስልክ ላይ አረፈ። ለምዝገባው የጎደላትን ጥቂት ከጓደኞቿ ሞላች።

እልል ማለት ሲገባኝ ሌላ ሐሳብ ያዘኝ። አሁን የቦራ ብር መመለስ የለበትም? ምህረትም ይህንኑ አለች። የወይፈኑን ዋጋ መልሳ ላከችልኝ፤ እኔም ሰኞ ከባንኩ አወጣሁትና ወይጦ ወረድኩ። አባቷን አልጠየቅነውም። ምን የሚያስጠይቅ ነገር አለው? የሰው ገንዘብ በጊዜ መመለስ ነውር ሆኖ ያውቃል?

ወይጦ ሙቀቱ እንደምታውቁት ነው። ቦራን አንድ ግራር ጥላ ሥር፣ ለመቀመጫም ለትራስም በምትሆነው ትንሿ በርኮታው ላይ ተቀምጦ አገኘሁት። ማን እንደሆንኩ ነገርኩት። የኦይታ ሰው መሆኔን ሲሰማ ተነስቶ አቀፈኝ፣ ቦታ ለቀቀልኝ። አመሰገንኩት። ከዚያ ብሩን አውጥቼ ዘረጋሁለት።

እጁን አላነሳም። ብሩን ሳይሆን እኔን ነው ያየው። ፊቱ ላይ የነበረው ደስታ ሲጠፋ አየሁት።

"ኦይታ ከእኔ ተጣላ?" አለ።

"ኧረ በጭራሽ። ምን በወጣው?"

"ታዲያ ለምን ይመልሳል? ገና ሳምንት አልሆነም።"

"ዕዳ ነዋ" አልኩ።

"ዕዳ አይደለም" አለ። "ድርቅ የመጣ ጊዜ ልጆቼ የኦይታ ላም ወተት ጠጥተው ነው ያደጉት። እሱን መለስኩ? አልመለስኩም። አልመልስም። ዛሬ የሰጠሁትን ዛሬ ከመለሰ፣ ነገ እሱ ቤት በምን እሄዳለሁ?"

ኦይታ እንዳልላከኝ፣ እኔና ምህረት በራሳችን ያደረግነው እንደሆነ ማልኩለት። አመነኝ መሰለኝ፤ ወተት አስመጣልኝ። ብሩን ግን አልነካም። ስመለስ ካኮ ወርጄ ለኦይታ ሰጠሁት። ነገሩን ሲሰማ ራሱን ያዘ። በማግስቱ አንድ ቅል ማር ይዞ ወይጦ ወረደ አሉ፣ ቤሉን "ይሄ የከተማ ሰው ነው፣ አያውቅም" ሊለው። በብሩም ጊደር ገዛበት። ቦራ አንድ ቀን ይቸግረዋል፤ ያኔ ይመጣል። እስከዚያ የሚያስታውሰው ማስታወሻ አያስፈልግም።

እኔ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ ሰላም የለኝም። "የማንም ዕዳ የለብኝም" ብዬ የምኮራ ሰው ነበርኩ። በአውቶቡሱ ውስጥ ስልኬን አውጥቼ የተመዘገቡትን ስሞች ማየት ያዝኩ። ልጄ አዲስ አበባ ነው የሚማረው። አንድ ቀን እጁ ላይ ምንም ባይኖር፣ ከእነዚህ ሁሉ ሰዎች መሐል ወይፈኑን ነድቶ አስፋልት ዳር የሚወጣልኝ ማን ነው? ደጎች ናቸው፤ አልዋሽም። ብጠይቅ ያበድሩኛል። እኔም በቀኑ እመልሳለሁ። በዚያው ያልቃል። በኦይታ ቀናሁ። በሁለት በሬው ሳይሆን በአንዱ ሰው ቀናሁ።

ባለፈው ሰሞን ጎረቤታችን እትዬ ዘነበች አንድ ጣሳ ዘይት አበድራን ነበር። አስቴር ልትመልስ ጣሳውን ሞልታ ስትወጣ በር ላይ አስቆምኳት።

"ተዪው፤ ከእትዬ ዘነበች ጋር ምን አጣላን?" አልኳት።

ያበድኩ መሰላት። የወይጦውን ነገር ከነትርጉሙ፣ ከእነ ግራሩ ጥላ አስረዳኋት። ጣሳውን እንደያዘች እስከ መጨረሻው ሰማችኝ።

"የቦራ ነገር ገብቶኛል" አለችኝ። "እሱ ግን የሰጠ ሰው ነው። አንተ ከዚህ ሁሉ የተማርከው አለመመለሱን ብቻ ነው?"

ዘይቱን ይዛ ሄደች።