የእርጎው ባልዲ ክዳን

[በደቡብ ታይዋን፣ ባሕሩ አፍንጫዋ ሥር ባለ አንዲት ትንሽ ከተማ፣ የባሕር አምላክ የሆነችው የእመቤት ማዙ ቤተ መቅደስ ግቢ። ረፋድ ነው። ዛሬ የዓመቱ የማጨሻ አለቃ ይመረጣል፤ የተመረጠው ሰው የእመቤቲቱን የዕጣን ማጨሻ ወደ ቤቱ ወስዶ ዓመት ሙሉ ያኖራታል። ጡረተኛው መምህር ካንግ ለዚህች ማጨሻ አሥራ አንድ ጊዜ ተወዳድረው፣ አሥራ አንድ ጊዜ ባዶ እጃቸውን ተመልሰዋል። የማያውቁት ነገር እንደሌለ ግን ከተማው በሙሉ ያውቃል፤ ራሳቸው ነግረውታል። አጠገባቸው የጥንት ተማሪያቸው ቲያንላይ ቆሟል። የአኩሪ አተር እርጎ ሻጭ ነው፤ የእንጨት ባልዲው እግሩ ሥር ተቀምጧል።]

ካንግ፦ ኦቶባይ አይባልም አልኩህ!

ቲያንላይ፦ ታዲያ በምን መጣሁ ልበላት፣ መምህር?

ካንግ፦ ሞተር ብስክሌትን ኦቶባይ ማለት የጃፓን ቃል ነው። በእመቤቲቱ ፊት የሚነገረው ንጹሕ ታይዋንኛ ብቻ ነው!

ቲያንላይ፦ እናቴም ኦቶባይ ነበር የምትለው።

ካንግ፦ እናትህን ጃፓኖች ገዝተዋት ነበር።

ቲያንላይ፦ ኧረ አባቴ ነው ያገባት።

ካንግ፦ አይ የኔ ብሩህ! ስማኝ፣ እኔ ራሴ ያወጣሁለት ንጹሕ ስም አለ። "በእሳት የሚጋልብ ፈረስ" ትለዋለህ።

ቲያንላይ፦ [ትንሽ አስቦ] ጎማው ሲተነፍስ የከብት ሐኪም ጋ ነው የምወስደው?

ካንግ፦ ከአንተ ጋር ከማወራ ከዚህ የድንጋይ አንበሳ ጋር ባወራ ይሻለኛል። እሱ እንኳ አፉን ከፍቶ ያዳምጣል። እስቲ አንድ ሳህን እርጎ ቅዳልኝ፣ ጉሮሮዬ ለጸሎት ይለስልስ።

[ቲያንላይ የባልዲውን ክዳን አንስቶ፣ እንደ ልማዱ ፊቱን ወደ ታች አድርጎ ጉልበቱ ላይ ያስቀምጣል። እርጎውን በዝንጅብል ሽሮፕ ይቀዳል። መምህሩ ክዳኑን አያዩትም። ትልቅ ሰው የባልዲ ክዳን አያይም።]

ቲያንላይ፦ መምህር፣ የታይዋንኛውን ፈተና ዘንድሮም ወደቅሁ።

ካንግ፦ ሦስተኛህ! ከተወለድክ ጀምሮ ከታይዋንኛ በቀር የማታውቅ ሰው በታይዋንኛ ትወድቃለህ። እኔን እይ፤ በሰባ ዓመቴ ተፈትኜ የመጨረሻውን ደረጃ ምስክር ወረቀት ወሰድኩ። በመስታወት አድርጌ ሰቅዬዋለሁ።

ቲያንላይ፦ ጆሮዬ ላይ ማዳመጫ አደረጉልኝ። አንዲት ልጅ በጣም በሚያምር አነጋገር "ስለ ቤተሰብዎ ይንገሩኝ" አለችኝ። እኔም አስቀድሜ "የማን ልጅ ነሽ፣ እናትሽ ደህና ናት?" ብዬ ጠየቅኋት። መልስ ስጠብቅ ሰዓቱ አለቀ። ለካ ማሽን ናት።

ካንግ፦ እንዲህ ያለውን ሕዝብ ነው እኔ ብቻዬን የማስተምረው!

ቲያንላይ፦ ግን መምህር፣ አንድ ነገር ላስቸግርዎት። የኛ ቋንቋ ለመንግሥቱ ቋንቋ ለማንዳሪን ምኑ ነው?

ካንግ፦ [ማንኪያውን እንደ ጠመኔ አንስተው] ታላቁ ነው! እኛ የጥንቶቹን ነገሥታት አነጋገር ይዘን በጀልባ ተሻገርን። እነሱ እዚያው ቀርተው በየዘመኑ በመጣ ፈረሰኛ ሲረገጡ፣ የቃሎቻቸው ጭራ ተቆርጦ ቀረ። ማንዳሪን ምንድነው? የሰሜን ሰዎች ቀበልኛ! መሥሪያ ቤት ገብቶ ማኅተም ስለያዘ ብቻ ቋንቋ ነኝ አለ።

ቲያንላይ፦ ስለዚህ ቀበልኛው ማንዳሪን ነው?

ካንግ፦ ማንዳሪን ነው!

ቲያንላይ፦ ትምህርት ቤት ግን ቀበልኛው የኛ ነው ብለውን ነበር።

ካንግ፦ ያኔማ ዘመኑ ነው እንዲያ ያለው።

ቲያንላይ፦ ዘመኑ ነው? ድምፁ የእርስዎን ይመስል ነበር።

ካንግ፦ [ሽሮፑ ትን ይላቸዋል] ብላበት ተብሎ በተሰጠህ ጭንቅላት አስበህ አታውቅም፣ ዛሬ ምን ነካህ? ይልቅ ተማር። ማንዳሪኑ፣ የካንቶኑ፣ ሃካው፣ የኛው፣ ሁሉም ወንድማማቾች ናቸው። ሲናገሩ አይግባቡም፤ ሲጽፉ ግን ይግባባሉ።

ቲያንላይ፦ ወንድማማቾች ሆነው ቤት ውስጥ በደብዳቤ ነው የሚነጋገሩት?

ካንግ፦ ምሳሌ ነው፣ አንተ ድንጋይ!

ቲያንላይ፦ አይ፣ እውነትዎን ነው። ባለቤቴ ሃካ ናት። አርባ ዓመት በየራሳችን ቋንቋ ተጣልተናል። የምትለው ሁሉ አይገባኝም፤ የተሸነፍኩት እኔ መሆኔ ግን ሁልጊዜ ይገባኛል። ደግሞ አንድ ጊዜ ባሕር ላይ ከቻይናዋ ሺያመን የመጣ ዓሣ አጥማጅ አግኝቼ ግማሽ ቀን ስናወራ ዋልን። ታይፔ ያለችው የልጅ ልጄ ግን "አያቴ ምን አለ?" ብላ እናቷን ነው የምትጠይቀው። ባሕር ማዶ ያለው ሰውዬ ሰማኝ፣ የገዛ ደሜ አልሰማችኝም። ይሄ ያንገበግበኛል፣ መምህር።

ካንግ፦ እኔስ ለምን ሕግ ያወጣሁ ይመስልሃል! ለቤተ መቅደሱ ኮሚቴ ጽፌ ያስጸደቅኩት እኔ ነኝ፤ "በምርጫው ቀን ከእመቤቲቱ መሠዊያ ፊት አንዲት የማንዳሪን ቃል ያመለጠችው ተወዳዳሪ የነሐስ ደወል ተመትቶበት ይወጣል።"

ቲያንላይ፦ ዛሬ ሦስት ሰው ወጣ አይደል?

ካንግ፦ [ደስታቸውን መደበቅ አቅቷቸው] ባለመድኃኒት ቤቱ ሦስት ጊዜ የእመቤቲቱን እሺታ አግኝቶ ሳለ ስልኩ ጮኸና በማንዳሪን "አቤት" አለ። ነሐስ! የማዘጋጃ ቤቱ ጸሐፊ የሰው እግር ረገጠና በማንዳሪን "ይቅርታ" አለ። ነሐስ! ጥርስ ሐኪሙ ደግሞ ገና በማንዳሪን ሲያስነጥስ...

ቲያንላይ፦ ማስነጠስም ቋንቋ አለው?

ካንግ፦ ካስነጠሰ በኋላ ተናገረ! አሁን የቀረነው እኔና አንተ ነን። አንተ ደግሞ ስምህ የገባው እያንዳንዱ ቤት ይመዝገብ ስለተባለ ነው። [ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው] ለማጨሻዋ ከቀይ እንጨት ጠረጴዛ አሠርቻለሁ፣ ቲያንላይ። ሟች ባለቤቴ ቦታውን ራሷ ነች የመረጠችው፤ መስኮቱ ሥር። "አንድ ቀን ትመጣለች" እያለች ሞተች። ዛሬ ካልመጣች እኔም በሕይወት የምጠብቃት አይመስለኝም።

ቲያንላይ፦ ያገኟታል፣ መምህር። እኔ ጋ ምን ትሠራለች? ቤቴ ባልዲ ብቻ ነው።

ካንግ፦ [ወዲያው ተመልሰው መምህር ሆነው] ግሩም፣ ራስህን ታውቃለህ። በድሮው ጊዜ ቢሆን እነዚያን ሦስቱን በነሐስ ብቻ አልለቃቸውም ነበር። ሰሌዳ ነበር አንገታቸው ላይ የማንጠለጥለው!

ቲያንላይ፦ ሰሌዳው ትዝ ይልዎታል?

ካንግ፦ የቱ ሰሌዳ? ስንቱን አስታውሳለሁ! ዞር በል፣ ተራዬ ነው።

[መምህሩ መሠዊያው ፊት ይንበረከካሉ። ሁለቱን ቀይ የጨረቃ ቅርጽ እንጨቶች በመዳፋቸው ይዘዋል። አንዱ በሆዱ ሌላው በጀርባው ከወደቀ እመቤቲቱ እሺ ብላለች። እሺታው ሳይቋረጥ ብዙ ጊዜ የመጣለት ያሸንፋል።]

ካንግ፦ [በዜማ] ከፍ ከፍ ያልሽ፣ ማዕበልን የምትገሥጪ እመቤት ሆይ! እኔ ትሑት አገልጋይሽ፣ በነብር ዓመት በስምንተኛው ጨረቃ በአራተኛው ቀን የተወለድኩ፣ ከጨው መጋዘኑ በስተጀርባ ሁለት ፎቅ ባለው፣ በረንዳው አረንጓዴ በሆነው፣ ባለፈው ዓመት ቀለም በተቀባው ቤት...

ቲያንላይ፦ [በሹክሹክታ] መምህር፣ ልትጎበኝዎት እንጂ ልትገዛው አይደለም።

ካንግ፦ ዝም! [ይጥላሉ። እሺ።] አንድ! [እሺ።] ሁለት!

ቲያንላይ፦ ልቁጠርልዎት?

ካንግ፦ አንተ ከሳህን በላይ ቆጥረህ ታውቃለህ? [እሺ።] ሦስት! ባለመድኃኒቱን ደረስኩበት! [እሺ።] አራት! ኧረ እመቤቴ! [ይጥላሉ። አንደኛው እንጨት ይሽከረከራል፣ ይሽከረከራል፣ ይቆማል። እሺ። መምህሩ እንደ ልጅ ዘለው ይነሣሉ። በማንዳሪን፦] አምስት! አምስት ሆነ!

[ነሐሱ ይመታል።]

ካንግ፦ ለማን ነው የሚመቱት?

ቲያንላይ፦ መምህር... አምስቱን በምን ቆጠሩት?

ካንግ፦ በምን እቆጥራለሁ፣ በአፌ ነዋ!

[ይላሉ እንጂ ገብቷቸዋል። ሠላሳ ስምንት ዓመት ሒሳብ ያስተማሩት በማንዳሪን ነው። ምላሳቸው ሲጸልይ ታይዋንኛ ነው፣ ሲደሰት ግን ጥቁር ሰሌዳው ፊት ቆሟል።]

ካንግ፦ ደስታ ነው ያስወጣኝ! አይቆጠርም!

ቲያንላይ፦ ባለመድኃኒቱም "ስልኩ ነው ያስወጣኝ" ብሎ ነበር። እርስዎ ነዎት "የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም" ያሉት።

ካንግ፦ [ወደ ኮሚቴው እየጮሁ] ሕጉ ይሰረዝ! ማነው እንዲህ ያለ የደደብ ሕግ ያወጣ!

[ኮሚቴው በአንድነት መምህሩን ያያል። መምህሩ ወለሉን ያያሉ።]

ቲያንላይ፦ አሁን እኔ መጣል አለብኝ?

ካንግ፦ [ተስፋ ቆርጠው] ጣል። የሦስቱም እሺታ ጭምር ተሰርዟል። አንተ ካልተሳካልህ ምርጫው ነገ እንደ አዲስ ይጀመራል። አንዲት እሺታ እንኳ አታገኝም፣ እጅህ ሁሉ ሽሮፕ ነው።

ቲያንላይ፦ [ተንበርክኮ] እማማ ማዙ፣ ቲያንላይ ነኝ። የዚያች ጠዋት ጠዋት ትነዘንዝሽ የነበረች፣ የጉድጓዱ አጠገብ ሴትዮ ልጅ። በኦቶባይ ነው የመጣሁት። ሌላ ስም አለው አሉኝ፣ ረሳሁት። ማጨሻሽ እኔ ቤት ብትመጣ ትመጫለሽ?

[ይጥላል። ሁለቱም ጠፍጣፋ ሆዳቸውን ወደ ላይ አድርገው ይወድቃሉ። ሳቅ ነው፤ እመቤቲቱ ሥቃ መልሱን አቆይታለች።]

ካንግ፦ ሣቀችብህ! ኦቶባይህ ነው!

ቲያንላይ፦ እማማ፣ ሳቅሽን ጨርሺና ንገሪኝ። [ይጥላል። እሺ።] መምህር፣ አንድ ስንት ነው?

ካንግ፦ [አንገታቸውን ደፍተው] አንድ... ይበቃል። ሌላ ተወዳዳሪ አልቀረም።

[የኮሚቴው ሽማግሌዎች ማጨሻዋን በቀይ ጨርቅ ጠቅልለው፣ በቀይ ገመድ አስረው ያስረክቡታል። ቲያንላይ ባልዲው አጠገብ አስቀምጦ ቆም ብሎ ያስባል። ክዳኑን ያነሣል። ዛሬ ለመጀመሪያ ጊዜ ይገለብጠዋል። የረገፈ ጥቁር ቀለም፣ ቀጥ ያለ የመምህር እጅ ጽሑፍ።]

ቲያንላይ፦ ይቺን ያውቋታል?

ካንግ፦ [እያነበቡ] "ቀበልኛ አልናገርም።" የኔ ጽሑፍ ነው።

ቲያንላይ፦ ጥሩ እንጨት ነች፣ ጠርዟን ጠርቤ ክዳን አደረግኋት። ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። "በማንዳሪን ውኃ ልጠጣ በል" ብለውኝ አቃተኝ፤ በኛው ለመንኩ። አንገቴ ላይ አንጠለጠሏት። ሦስት ወር እሷን ይዤ ስሄድ እናቴ በመንገድ አይታኝ አለቀሰች። የማፍረው ግን እኔ ነበርኩ፣ መምህር። ከዚያ ትምህርት ቤት ቀረሁ።

ካንግ፦ [ድምፃቸው ቀጥኖ] ቲያንላይ... ያኔ ወጣት ነበርኩ። እንዲያ አድርግ ተብዬ ነው። ምን ልበልህ?

ቲያንላይ፦ ምንም አይበሉኝ። ጎንበስ ይበሉልኝ።

ካንግ፦ ምን ልታደርግ ነው? ይቺ እኮ ታይዋንኛ ለተናገረ ነበረች! እኔ ያመለጠኝ ማንዳሪን ነው!

ቲያንላይ፦ ቅድም ቀበልኛው የትኛው ነው አሉኝ?

[መምህሩ ጎንበስ ይላሉ። ቲያንላይ ሰሌዳውን በማጨሻዋ ቀይ ገመድ አንገታቸው ላይ ያንጠለጥላል፣ ቀጥ ያደርጋል፣ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ብሎ ያየዋል።]

ቲያንላይ፦ አንዲት ፊደል መቀየር አላስፈለገም። ጎበዝ ጸሐፊ ነበሩ።

ካንግ፦ እስከ መቼ ነው የምይዛት?

ቲያንላይ፦ ሕጉን ረሱት? "ሌላ የሚያመልጠው ልጅ እስክትይዝ ድረስ ትለብሳታለህ፣ ስትይዘው ታስተላልፍለታለህ" ነበር ያሉኝ። [ማጨሻዋን በአንድ እጁ፣ ክዳን አልባ ባልዲውን በሌላው አንሥቶ ወደ ኦቶባዩ እየሄደ] አይቸኩሉ፣ መምህር። እኔ ሃምሳ ሰባት ዓመት ፈጅቶብኛል።