በፊልሜ ውስጥ የተገኘው ሙክት

ወገኖቼ፣ ዛሬ ተዋርጃለሁ! ያውም በገዛ ጥበቤ፣ ያውም መላው የቧንቧ ውሃ ሰፈር ሰው ተሰብስቦ እያየ።

እንደምታውቁት ሠዓሊ ነኝ። ከአንድ ግሪክ ፎቶ አንሺ አሮጌ የፊልም ካሜራ ከነማሳያው ካገኘሁ ወዲህ ደግሞ ሲኒማ ሠሪ ሆኛለሁ።

ጣሊያን ደሴ ከገባ ጀምሮ በሲኒማ የሚያሳየን የራሱን መንገድ፣ የራሱን መኪና፣ የራሱን ሰልፍ ነው። እኛ የለንበትም። ብንኖርም አጨብጫቢ ሆነን ነው።

«እኔ ሰዉን እንዳለ አሳያለሁ!» ብዬ ተነሳሁ። ስድስት ወር ሙሉ ከደሴ ዙሪያ እርሻ እስከ ኮምቦልቻ ገበያ ካሜራ ተሸክሜ ዞርኩ።

አከራዬ አቶ ጌታሁን ለማሳያ የእህል መጋዘናቸውን ለቀቁልኝ። ጨዋ ሰው! የሰፈሩ አስታራቂ! ለፋሲካ እንኳ ካረዱት ሙክት ጎድኑን ልከውልኛል።

ዛሬ ከሰዓት መስኮቱን በጆንያ ደፍነን፣ ነጭ አቡጀዲ ወጥረን፣ ፊልሙን ለቀቅኩት።

መጀመሪያ ሳቅ። «ያቻ እኔ ነኝ!» ተባለ። በደስታ ላለቅስ ምንም አልቀረኝ!

የኮምቦልቻ ገበያ ሲመጣ እመት ዘሀራ የሚባሉ ፍየል አርቢ ብድግ አሉ።

«ወላሂ የኔ ሙክት! ያ ገበያ ላይ የጠፋብኝ ቦቃው!»

እውነትም አቡጀዲው ጥግ ላይ አንድ ግንባሩ ነጭ ሙክት ይጎተታል።

ጎታቹ ማን ቢሆን ጥሩ ነው?

አቶ ጌታሁን!

እኔ እኮ ስቀርጽ ዓይኔ የነበረው የሴቶቹ ጃንጥላ ላይ ነው፤ ሌባውን ማን አየው?

አቶ ጌታሁን ተነሱ። «ሥዕል ነው! ሥዕል ይዋሻል! ይኸው ሠሪው አለ፣ ጠይቁት!»

ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። የሰፈሩ ሽማግሌ ሼህ ይመር «ልጄ፣ ይዋሻል ወይ?» አሉኝ።

ይዋሻል ብል የስድስት ወር ልፋቴ ገደል ገባ። አይዋሽም ብል ማደሪያዬ ገደል ገባ።

«አይ... አይዋሽም» አልኩ።

«እንግዲያው ፊልሙን አቁመውና የጆሮውን ምልክት እንይ!» አሉ።

ፊልም መብራት ፊት ከቆመ ይነዳል። አውቃለሁ! ግን ሼህ ይመርን «አይሆንም» የሚል ወንድ ደሴ ላይ ገና አልተወለደም።

አቆምኩት።

እመት ዘሀራ ተጠግተው «ይኸው የጆሮው ቅድ! የኔው ነው!» ከማለታቸው፣ የሙክቱ ጆሮ ጠየመ፣ ተኮማተረ፣ ቦግ ብሎ ነደደ!

በጆንያ አፍነን ስናጠፋው የተረፈኝ መዳፍ የማይሞላ ቁራጭ ነው።

አቶ ጌታሁን፣ ጭሱ ይሁን ኅሊናቸው እንጃ፣ እያሳሉ አመኑ። ሙክት እንዲተኩ ተፈረደባቸው።

አለቀ ብዬ ስተነፍስ አቶ ጌታሁን ጣታቸውን ወደ እኔ ቀሰሩ። «ጎድኑን የበላውስ እሱ አይደል?»

ወገኖቼ፣ በልቻለሁ። ጣቴንም ልሻለሁ።

«እንግዲያው አንድ ሳምንት የዘሀራን ፍየሎች ጠብቅ» አሉ ሼህ ይመር። ከቤት መባረሩን ደግሞ አቶ ጌታሁን ጨመሩልኝ።

ዕቃዬን ተሸክሜ ስወጣ አንድ ገበሬ ክንዴን ያዘኝ። ሥራዬን ሊያደንቅ መስሎኝ ደረቴን ነፋሁ።

«ጌታው፣ በቅሎዬ ጠፍታብኛለች። መቼ መጥተው ይቀርጹልኛል?»

እስቲ ፍረዱኝ፦ ሲኒማ ሠሪ ነኝ ወይስ ሌባ አነፍንፎ የሚይዝ ሌባሻይ?