ጎባጤ ሥራ ያዘ

ሕልም የሚታየው ሌሊት ብቻ ነው የሚል ሰው የቅርስ ጥበቃ ሥልጠና ላይ ተቀምጦ አያውቅም። እኔ ያየሁት ትናንት ከምሳ በኋላ ነው፤ አዳራሽ ውስጥ፣ ከኋላ ረድፍ፣ አንገቴ ላይ «ተሳታፊ» የሚል ባጅ አንጠልጥዬ። ምሳው ክትፎ ነበር። አሠልጣኙ «የቅርስ ጥበቃ ጽንሰ ሐሳብ፣ ክፍል ሁለት» ሲሉ ትዝ ይለኛል። ክፍል ሦስትን የሰማ ካለ ይንገረኝ።

ሕልሙን ከመናገሬ በፊት ግን ጎባጤን ላስተዋውቃችሁ። ጎባጤ ድንጋይ ነው። ገርባ መስክ በምትባል የጉራጌ ቀበሌ፣ ከእንሰት ጓሮዎች ጀርባ፣ የጥንት ሰዎች በሙታናቸው መቃብር ላይ ያቆሟቸው ትክል ድንጋዮች አሉ። ከእነሱ መካከል ወገቡን እንዳመመው ሽማግሌ ወደ ፊት ያጎነበሰው እሱ ነው። ደረቱ ላይ ሦስት ጎራዴዎች ተቀርጸውበታል፤ ሦስቱም ጫፋቸው ወደ መሬት ነው። ሁለቱ ያለቁ ናቸው። ሦስተኛዋ ግን እጀታዋ ወጥቶ ስለቷ ግማሽ ላይ ቀርታለች። ጠራቢው ለምን እንደተዋት የሚያውቅ የለም። ታሞ ይሆን? ከአሠሪው ተጣልቶ ይሆን? አርኪዮሎጂ ተምሬ ስወጣ ይሄን የምመልሰው መስሎኝ ነበር። እናቴ ለዕድርተኞቿ «ልጄ መሬት ላይ ነው የምትሠራው» ትላቸዋለች፤ መሬት አስተዳደር የተቀጠርኩ መስሏቸው ያከብሯታል፣ እሷም አታርማቸውም።

ጎባጤን እወደዋለሁ። ድንጋይ ይወደዳል ወይ ለሚለኝ፣ ሰውም ወድጄ አይቻለሁ፤ ጎባጤ ይሻላል። ከብት ይታከክበታል፣ ልጆች ይንሸራተቱበታል፣ ቢላው የደነዘበት ሁሉ መጥቶ ይስልበታል። አጥር ይሠራለት ብዬ ሁለት ዓመት ደጅ ጠናሁ። በመጨረሻ ተፈቀደ፤ የግንብ አጥር ከነጥበቃ ቤቱ። ግንበኛው ሸምሱ ሥራ በጀመረበት ሰኞ ግን ኃላፊዬ አቶ ዘርጋ ለሥልጠና ላኩኝ።

«ግንቡ እስኪያልቅ እዚያው ልቁም እንጂ» አልኳቸው።

«ግንብ ለማስገንባት ዲግሪ አያስፈልግም። አንቺ ተምረሽ ነይ።»

«ድንጋዩስ ከየት ነው የሚመጣው?»

«ከካባው ተፈልጦ በገልባጭ ይመጣል። ከየት ይመጣል ታዲያ? ሂጂ አልኩሽ እኮ፣ ትርሲት!»

ሄድኩ። ክትፎ በላሁ። ተኛሁ።

በሕልሜ ገርባ መስክ ነበርኩ፤ ግን እስከ ወገቤ መሬት ውስጥ ተተክዬ ነው። ዙሪያዬን ችካል ተመትቶ ሲባጎ ተወጥሯል። የቀበሌው ሰዎችም በየካሬያቸው ተተክለዋል። ሊቀመንበሩ ትንሽ ዘመም ስላሉ በባላ ደግፈዋቸዋል። ትክል ድንጋዮቹ ግን በመካከላችን ይንጎራደዳሉ። አንድ አጭር ድንጋይ ባርኔጣ ደፍቶ በቀለም ብሩሽ ፊቴን ይጠርጋል።

«ቀስ በል፣ አፍንጫዋ እንዳይሰበር!» አለው አንድ ረጅም ድንጋይ። አለቃው መሆኑ ያስታውቃል፤ ምንም አይሠራም።

«ዘመኗ መቼ ይሆን ጌታዬ?»

«ከደርግ አፈር በላይ፣ ከኮሮና አፈር በታች ነው የወጣችው።»

«እኔ እኮ በሕይወት አለሁ!» ብዬ ጮህኩ።

«ሁሉም እንደዚያ ነው የሚሉት» አለና አጭሩ ጆሮዬን ጠረገ።

ወዲያው ባጄን አገኘ። ደስታው ልክ አልነበረውም። «ጽሑፍ አለባት! ጽሑፍ አለባት!» እያለ ሲዘል መሬቱ ተንቀጠቀጠ። አለቃው ተንደርድሮ መጣና ጎንበስ ብሎ አነበበው።

«ተ-ሳ-ታ-ፊ። ይሄው ነው! ከታችኛው ጉድጓድ የወጡትም በሙሉ ይሄው ነው የተጻፈባቸው። የነገዳቸው ስም መሆን አለበት።»

«ምን ዓይነት ሕዝብ ነበሩ?»

«ሰላማዊ። ሁልጊዜ በረድፍ ተቀምጠው ነው የሚገኙት። አጠገባቸው የውሃ ፕላስቲክ አይጠፋም። የሠሩት ነገር ግን እስካሁን አልተገኘም።»

ማስረጃው በእሱ እጅ ነበር።

ይህን ጊዜ ከየጓዳው የወጡ ጉልቻዎች ሦስት ሦስት እየሆኑ መጥተው ከበቡን። ጥላሸታቸውን እንኳ አልታጠቡም። አንዷ አንገቷን አስግጋ፣ «ወርቅ አገኛችሁ?» አለች።

«ወርቅ አይደለም የምንፈልገው፣ ዕውቀት ነው» አለ አለቃው።

«እሺ፣ እሺ። ጥርሷን ግን አይታችኋል?»

ይህችን የዕውቀት መልስ እኔ ራሴ ለገርባ መስክ ሰው ስንቴ መልሻታለሁ! አንድ ሰው አምኖኝ አያውቅም። ጉልቻዋም አላመነችም፤ አፌን በጣቷ ከፍታ እስከ መንጋጋዬ አየች። ወርቅ ስታጣ ጊዜ ተናደደችብኝ።

«ጉልቻ ቢቀያየር ወጥ አያጣፍጥም ያላችሁት እናንተ አይደላችሁም?»

«ተረት ነው እኮ እናቴ።»

«ወጡን ራሳችሁ ታበላሻላችሁ፣ በእኛ ታመካኛላችሁ! ድንጋይ ራስ የምትሉትስ? እሱም ተረት ነው?»

ከኋላ ያሉት ድንጋዮች «አዎ፣ እሱን ጠይቂያት!» እያሉ አጉረመረሙ። ነገሩ ወደ ጠብ ሲሄድ አየሁና ባለሙያ መሆኔን ተናገርኩ። አርኪዮሎጂ ተምሬአለሁ፣ ድንጋይ ነው የማጠናው፣ ወገን ነኝ አልኩ። አለቃው ቢያንስ ለሁለት ክፍለ ዘመን ያህል አሰበ።

«ባለሙያ ከሆነች ነቅላችሁ ወደ ቅጥር ውሰዷት።»

እንደ ካሮት ነቀሉኝ።

ቅጥር የሚባለው መሥሪያ ቤት ትልቅ ጉድጓድ ነበር። እዚያ ሹመት ወደ ታች ነው። ጀማሪ ባለሙያ አፋፉ ላይ ሣሩ ውስጥ ይቀመጣል፤ ዕድገት ሲያገኝ በገመድ ያወርዱታል። ዋናው ሥራ አስኪያጅ ከሁሉም ሥር፣ ውሃ እግሩን እየነካው፣ ጨለማ ውስጥ ነው። ማንም አይቶት አያውቅም፤ ሲያስል ግን ሁሉም ይነሣል።

አፋፉ ላይ ረጅም ሰልፍ አለ። የተሰለፉት ፈልጎ የሚያገኛቸው ያጡ ዕቃዎች ናቸው። ጆሮዋ የተሰበረ እንስራ፣ ዶቃዎች፣ አንድ የዛገ ጦር። ከፊቴ የነበረው የድንጋይ መጥረቢያ ዞር ብሎ ከእግሬ እስከ ራሴ አየኝ።

«እህቴ፣ ባለሙያ ነሽ አሉ። እባክሽ አግኚኝ።»

«አሁን አገኘሁህ እኮ።»

«እንደዚህ አይደለም፣ በወግ! ተንበርክከሽ፣ ‹አቤት!› ብለሽ። ሰባት መቶ ሺህ ዓመት የሥራ ልምድ አለኝ። በሄድኩበት ሁሉ ልምድህ ከሙያው ጋር አይገናኝም ይሉኛል።»

«ምን ሠርተህ ታውቃለህ?»

«ጉማሬ ፈልጬ።»

አዘንኩለት። ጉማሬ የሚል ክፍት የሥራ ቦታ ወረዳችን ውስጥ አይቼ አላውቅም። ተንበርክኬ «አቤት!» አልኩለት፤ እንባ አውጥቶ አለቀሰ። ይህን ያዩት ዶቃዎችና እንስራዋ ሰልፉን በትነው «እኛንም! እኛንም!» እያሉ ከበቡኝ። በየተራ ተንበረከክሁላቸው። እውነቱን ልናገር፣ በነቃሁበት ዓለም እንደዚያ የፈለገኝ መሥሪያ ቤት የለም።

መጨረሻ ላይ ቀና ስል ሜዳውን አየሁት። ገርባ መስክ ባዶ ነው። እነዚያ ሁሉ የሚንጎራደዱ ድንጋዮች አንድ በአንድ ጠፍተዋል። ጎባጤ ይቆምበት ወደነበረው ቦታ ሮጥኩ። ክብ ጉድጓድ ብቻ አለ፤ አፈሩ ገና እርጥብ ነው።

«ጎባጤስ? ጎባጤ የት ሄደ?»

«አልሰማሽም እንዴ?» አለች ያቺው ጉልቻ። ቂሟን ረስታ ፊቷ በርቷል። «ሥራ ያዘ!»

ጉልቻዎቹ ሁሉ እልል አሉ። እኔም እልል አልኩ። ሥራ ያዘ ሲባል እልል የማይል ሰው የት አገር አለ? ግን እልልታዬን ሳልጨርስ ጎባጤ በሩቁ ሲመጣ አየሁት። በጭንቅላቱ ነው የሚሄደው። ዱብ፣ ዱብ፣ ዱብ እያለ ደረሰና ፊቴ ቆመ። ጉብጠቱ የለም። እንደ ምሰሶ ቀጥ ብሏል።

«ጎባጤ! ወገብህን ምን አደረጉት?»

«ቀና በል አሉኝ። አልችልም ስል አቀኑኝ» አለ። ድምፁ ከታች፣ ከሣሩ ነው የሚመጣው።

«ለምን ተዘቅዝቀህ ትሄዳለህ?»

«ሥራው ነው። ጥበቃ ተቀጠርኩ፣ ትርሲት። በር ላይ ነኝ።»

«ማንን ነው የምትጠብቀው?»

«ቦታውን።»

«ቦታው ላይ ማን ቀረ?»

«ማንም። ሁላችንም ጥበቃ ሆነናል።»

ላቅፈው ብሄድ ክንዴ አልደርስ አለኝ። ሦስተኛዋ ጎራዴ፣ ያላለቀችው፣ ከዓይኔ ፊት ነበረች፤ ጉማጇ ስለት ወደ ሰማይ ዞራለች። «አንድ ነገር ብቻ አሳስቦኛል» አለኝ። «ከሥሬ ተኝቶ የነበረው ሰውዬ። ስንት ዘመን አብረን ኖርን። አሁን ያለሁበትን ማን ይነግረዋል?»

እኔ እነግረዋለሁ ልለው አፌን ስከፍት ጉልቻዎቹ እርስ በርስ እየተጋጩ ማጨብጨብ ጀመሩ። ቀጭ፣ ቀጭ፣ ቀጭ፣ ቀጭ። ጭብጨባው እየጨመረ፣ እየጨመረ ሄደ፤ ነቃሁ።

አዳራሹ እያጨበጨበ ነው። መድረኩ ላይ አቶ ዘርጋ ቆመዋል፤ ከራሳቸው በላይ ግድግዳው ላይ «የሳምንቱ ምርጥ ተሞክሮ» የሚል ጽሑፍ በርቷል። መቼ እንደመጡም አላውቅም። አዲስ ክራቫት አስረዋል።

«እንዳልኩት» አሉ ጭብጨባው ጋብ ሲል፣ «ገልባጩ በጭቃው ምክንያት ወደ ገርባ መስክ መግባት አልቻለም። ሌላ ቢሆን ሥራው ይቆም ነበር። የእኛ ግንበኛ ሸምሱ ግን እጁን አጣጥፎ አልተቀመጠም። እዚያው ሜዳው ላይ ያለ ሥራ ቆሞ የነበረውን ድንጋይ ተጠቅሞ አጥሩንም የጥበቃ ቤቱንም በአራት ቀን አጠናቋል።»

ፎቶውን አበሩት። አጥሩ ያማረ ነው፤ ሸምሱ እጁ የተባረከ ነው፣ አንዱ ድንጋይ ከሌላው ወጣ አይልም። በአጥሩ ውስጥ ሣር ብቻ አለ። በሩ አጠገብ «ይህ ቅርስ በሕግ የተጠበቀ ነው» የሚል ሰሌዳ ተሰቅሏል። የጥበቃ ቤቱ በር በስተግራ ያለው መቃን አንድ ወጥ ረጅም ድንጋይ ነው፤ ጎኑ በመሮ ተጠርቦ ቀጥ ብሏል። አንገቴን አዘንብዬ አየሁት። ከዚያ የበለጠ አዘነበልኩ፣ ጆሮዬ ትከሻዬን እስኪነካ። ሦስት ጎራዴዎች ናቸው፤ ጫፋቸው ወደ ላይ። ሦስተኛዋ አላለቀችም።

«ጎባጤ» አልኩ።

«ምን አልሽኝ?» አለኝ አጠገቤ የተቀመጠው ተሳታፊ፣ የውሃ ፕላስቲኩን እየከፈተ።

«የዚህ ሥራ ባለቤት እዚሁ አለች!» አሉ አቶ ዘርጋ ወደ እኔ እያመለከቱ። «ሁለት ዓመት ሙሉ ‹አጥር፣ አጥር› እያለች እንቅልፍ የነሣችን ባለሙያ ትርሲት ናት። እስቲ ተነሥተሽ ታዪ!»

ተነሣሁ። አዳራሹ በሙሉ ዞሮ አየኝ። አንዲት ቃል ልናገር ብዬ አፌን ከፈትኩ፤ እንባዬ ቀደመኝ። እዚያው ቆሜ፣ ባጄን እንዳንጠለጠልኩ፣ እንደ ሕፃን ተንሰቀሰቅሁ።

አቶ ዘርጋ ማይክሮፎኑን ወደ አፋቸው አስጠጉ። «የደስታ እንባ ነው» አሉ ለአዳራሹ፤ ሁሉም እንደገና አጨበጨበ።