የቅዳሜው እንፋሎት ለወረቀት ይሁን ለሰው

ቅዳሜ፣ ኖቬምበር 16 ቀን 2013 እ.ኤ.አ.፣ ከቀኑ 8 ሰዓት። ቦታ፦ ፊንላንድ፣ የኩርኪኮስኪ ወረቀት ፋብሪካ ሳውና (የእንፋሎት መታጠቢያ)፣ ልብስ መቀየሪያ ክፍል (የስብሰባው አዳራሽ ማሞቂያ ተበላሽቷል)።

የተገኙ፦ ራይሊ ሁቱ፣ የመዳመጫ ክፍሉ ኃላፊና ሰብሳቢ፤ ዶክተር ሲርኩ ቫንስካ፣ ከዩኒቨርሲቲ፤ ኤንሲዮ ሙስቶላ፣ የመዳመጫው ማሽን ሠራተኛ፤ ኦስሞ ፒርህኔን፣ የጡረተኞች ተወካይና ጸሐፊ። ጸሐፊ የሆንኩት እስክሪብቶ የያዝኩት እኔ ብቻ ስለነበርኩ ነው የሚሉ አሉ። ሐሰት ነው፤ ተመርጬ ነው። ኤንሲዮ በፎጣ ቢመጡም ተቆጥረው ምልዓተ ጉባኤው ሞልቷል።

አጀንዳ 1፦ የተለበጠ ወረቀት መዳመጫ ውስጥ ሲያልፍ እንዴት እንደሚለወጥ በኮምፒውተር ስለማስላት

ዶክተሯ እንዳስረዱት ወረቀቱ ውስጡ የእንጨት ቃጫ፣ ላዩ የሸክላ ልባጥ ነው። በሮለሮቹ መሐል ሲጨመቅ ይሳሳል፣ ሲወጣ ጥቂት ተመልሶ ይነሳል። የሮለሮቹ ብረት በደንብ ከጋለ ልባጡ ብቻ ይለሰልሳል፣ ሆዱ አይሳሳም ይላል ስሌታቸው። ጸሐፊው "የተጫኑት ነገር መቼ ተነስቶ ያውቃል?" ሲሉ ተቃወሙ። ዶክተሯም "ኦስሞ፣ አንተም ከወንበር ስትነሳ ግማሽህ ነው የሚነሳው" ሲሉ መለሱ። ተሳቀ። ጸሐፊው አልሳቁም።

አጀንዳ 2፦ ብረቱን የሚያግለው እንፋሎት ከየት ይምጣ

ሰብሳቢዋ ሳውናውን የሚያሞቀው እንፋሎት ወደ መዳመጫው ይዙር አሉ። ጸሐፊው "ቤቴ ሳውና የለም። ሚስቴ ከሞተች ወዲህ ሰው የማገኘው ቅዳሜ ቅዳሜ እዚህ ነው" ብለው አስመዘገቡ። ኤንሲዮ "ማንቆርቆሪያ የለህም እንዴ? ጣደውና አጠገቡ ተቀመጥ" አሉ። ከረጅም ውይይት በኋላ እንፋሎቱ ለወረቀት እንዲሆን በሦስት ድምፅ ተወሰነ። ጸሐፊው ተቃውሞው እንደገና ይቆጠር ቢሉ ያው አንድ ሆነ።

ዕረፍት። ጸሐፊው የመጨረሻዬ ከሆነ ብለው ሳውናው ገቡ፤ እንፋሎት እንዲነሳ የጋለው ድንጋይ ላይ ውሃ ደጋግመው ደፉ።

አጀንዳ 3፦ ናሙናዎቹን ከስሌቱ ጋር ማመሳከር

በመዳመጫው ያለፉት ናሙና ወረቀቶች ተፈለጉ። ኤንሲዮ ሳውናው ውስጥ ላይኛው የመቀመጫ እርከን ላይ ደርድረዋቸው ኖሯል። ሲጠየቁ "ፋብሪካው ውስጥ ንጹሕ ቦታ እሱ ብቻ ነው" አሉ። ሲለካ ሁሉም አብጧል፣ ልባጡም ሻክሯል። ዶክተሯ "ውሃ የደፋው ማነው?" ብለው ጠየቁ። ጸሐፊው እየጻፉ ስለነበር አልመለሱም።

ዶክተሯ ወረቀቱን አገላብጠው በጣታቸው ዳሰሱ። ቀጥለው "እርጥበቱን ረስቼዋለሁ። የእኔ ስሌት ደረቅ ወረቀት ብቻ ነው የሚያውቀው። ይህን ሳላስተካክል ብረት ማጋል ከንቱ ድካም ነው" አሉ። ኤንሲዮ "እኔ እኮ ይህን አውቄ ነው እዚያ ያስቀመጥኩት" አሉ። ያመናቸው የለም።

ውሳኔ፦ ዛሬ የተወሰነው ሁሉ ተሽሯል። እንፋሎቱ እዚሁ ይቆያል፤ ስሌቱ እስኪስተካከል፣ እርጥበታቸው እንዲለካ፣ ናሙናዎቹ በየቅዳሜው ከጡረተኞች ጋር ሳውና ይገባሉ። ስብሰባው 10 ሰዓት ላይ ተበተነ።

ዶክተሯ ከመውጣታቸው በፊት "ወረቀቱን የት ላድርገው?" አሉ።

ጸሐፊው "ላይኛው እርከን፣ እኔ ጎን። ባዶ ነው" አሉ።

የተቃወመ የለም።