መጋቤ ኮፈን

በደብረ ታቦር ከተማ ብቻውን የተከፈተ የመኪና ኮፈን ታይቶ አይታወቅም። ዝናብ ይዝነብ፣ ፀሐይ ትክረር፣ ገበያ ይሁን ሰንበት፣ አንድ ሾፌር መኪናውን ዳር አስይዞ ኮፈኑን ቀና ካደረገ፣ መደገፊያውን ሳያቆም አንድ ሰው አጠገቡ ይቆማል። ይህ ሰው መኪና የለውም፤ መንጃ ፈቃድም የለውም። ያለው ነገር ቢኖር ሁለት እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ የሰው ሞተር ላይ የማፍጠጥ ሙሉ መብት ነው። መብቱን ማን እንደሰጠው የሚያውቅ የለም፤ የሚነጥቀውም አልተገኘም።

ይህ ሰው በየከተማው አለ። የደብረ ታቦሩ ግን ከሁሉም ይበልጣል ብሎ ሾፌሩ ደሞዜ ይምላል። ስማቸው ጋሽ ይሻው ነው። ሠላሳ ዓመት መዝገብ ቤት ተቀምጠው ፋይል ሲገልጡ የኖሩ ሰው ናቸው፤ ጡረታ ሲወጡ የሚገለጥ ነገር ቢያጡ ጊዜ ወደ ኮፈን ዞሩ። ጥቁር ጃንጥላቸውን ተመርኩዘው፣ ጋቢያቸውን አጣፍተው፣ ከተፍ ይላሉ። የመናኸሪያው ሾፌሮች እንደ አገሩ ሊቃውንት ማዕረግ ሰጥተዋቸው "መጋቤ ኮፈን" ይሏቸዋል። ይህን የሚሉት በሌሉበት ነው። በፊታቸው ሁሉም "ጋሼ" ይላል፤ ደሞዜም ጭምር።

ንግግራቸው ሁልጊዜ የሚጀምረው በአንድ ዓይነት ቃል ነው። "እኔ ምን አገባኝ" ይላሉ። ቀጥሎ "ብቻ" ይመጣል። ከ"ብቻ" በኋላ ግማሽ ሰዓት ይሄዳል። ባትሪው ያለቦታው እንደተቀመጠ፣ ቺንጋ የሚሉት የሞተር ቀበቶ እንዳረጀ፣ ዘይቱ የተልባ ውሃ እንደሚመስል ይናገራሉ። አንድ ጊዜ ከሌላ አገር የመጣ የዩኒቨርሲቲ መምህር ለመኪናው ውሃ ሊጨምር ኮፈኑን ቢከፍት፣ መጋቤ ኮፈን ትከሻው ላይ ደረሱ። መካኒክ መሆናቸውን በትህትና ጠየቃቸው። አይደለሁም አሉት። ታዲያ ምንድን ነዎት ቢላቸው፣ "ጎረቤት" ብለው መለሱ። መምህሩ ሰፈሩን ከያዘ ገና ሦስት ቀኑ ነበር።

ደሞዜ አሮጌ ፒክአፕ አለችው። ከጉና ሥር ድንችና ገብስ እየጫነ፣ በላዩም ሰው እየደረበ ወደ ደብረ ታቦር ያወርዳል። በጥር አጋማሽ አንድ ማለዳ፣ ጉም እንደ ጋቢ በተከናነበ ዳገት ላይ መኪናዋ አቅም አጥታ ቆመችበት። ሰው ቀርቶ በግ እንኳ አይታይም። ዛሬስ እፎይ ብዬ ብቻዬን አየዋለሁ ብሎ ኮፈኑን ሲያነሳ፣ ማጠፊያው እንደ ልማዱ ሲጥ አለ። ወዲያው ከጉሙ ውስጥ የበቅሎ ኮቴ ተሰማ። በበቅሎዋ ላይ ጋሽ ይሻው ነበሩ። ከዘመድ ተዝካር እየተመለሱ ነው።

ደሞዜ ክው አለ። እሳቸው ከበቅሎ ሳይወርዱ፣ አንገታቸውን እንኳ ወደ ሞተሩ ሳያዘነብሉ፣ አፍንጫቸውን ሁለት ጊዜ ነፋ ነፋ አደረጉ።

"እኔ ምን አገባኝ። ብቻ ይቺ መኪናህ አይጥ አይጥ ትሸታለች።"

መኪናዋ ጥቂት አርፋ ስትነሳለት፣ ደሞዜ መንገዱን ሁሉ ሲስቅ ወረደ። መናኸሪያ ደርሶ ያላወራለት ሰው የለም። መጋቤ ኮፈን አሁን ደግሞ የድመት ሥራ ጀመሩ ተባለ፤ ሳምንቱን ሙሉ ደሞዜ ሲያልፍ ሾፌሮቹ ሚያው እያሉ ይሸኙት ነበር።

በሳምንቱ መኪናዋ ጥቁር ጭስ መትፋት ጀመረች፤ ዳገት ሲሏት ታቃስታለች። ደሞዜ ወደ መካኒኩ ወደ ታምራት ወሰዳት። ታምራት ኮፈኑን ከፈተ። ጋሽ ይሻው መጡ። ይሄ የሚጠበቅ ነው። ታምራት ነገሩ አየር ሳይሆን አይቀርም ብሎ የፊልትሮ ቤቱን መቆለፊያዎች ፈታ። የፊልትሮ ቤት ማለት አየር ወደ ሞተሩ ከመግባቱ በፊት አቧራውን የሚተውበት፣ ማጣሪያውን በሆዱ የያዘ ጥቁር የፕላስቲክ ሣጥን ነው። ታምራት ክዳኑን አንስቶ አየ። ቀና ብሎ ደሞዜን አየ።

"ደሞዜ፣ የከፈትኩት መኪና ነው ጎተራ?"

ሣጥኑ ውስጥ ሁለት እፍኝ የሚሞላ ገብስ አለ። ከገብሱ ሥር ገለባ፣ ከገለባው ሥር የሰው አንገት ልብስ የሚመስል ብጥስጣሽ ክር፣ በክሩ ላይ ደግሞ ገና ጠጉር ያላበቀሉ አራት የአይጥ ግልገሎች ተደርድረው ተኝተዋል። ደሞዜ አፉን በመዳፉ ያዘ። በአጨዳው ሰሞን ሌሊት ሌሊት መኪናዋን የሚያሳድራት በገብስ ክምር ጥግ ነበር፤ የጉናን ብርድ የሸሸች አይጥ ከሞቀ ሞተር የተሻለ ምን ቤት ታገኛለች። ዕቃዋን አጓጉዛ፣ ወልዳ፣ የቤቱንም ግድግዳ በልታዋለች። በሣጥኑ ጎን እጅ የሚያሳልፍ ቀዳዳ ተከፍቷል። የስንት ቀን የመንገድ አቧራ ሳይጣራ በዚያ ገብቷል።

እዚህ ላይ ደሞዜ መሳቁን ተወ። የመጀመሪያው ሞተር የሞተበት በአቧራ ነው። ይሄኛውን ያስገጠመው ጥማድ በሬውን ሸጦ ነበር፤ ከዚህ በኋላ የሚሸጥ በሬ የለውም። ይሄ ከሞተ እንደ ድሮው የሰው መኪና ተቀጥሮ መንዳት ነው። ታምራት ስጋቱ ገብቶት ሳይጠየቅ ነገረው፤ ሞተሩ ገና አልሞተም፣ እንዲህ ሆኖ ሌላ ሳምንት ቢነዳ ግን አለቀለት፣ ደግመን እንዲህ ያለ አቧራ ካስገባንበትማ እኔም አልነካውም አለ።

ደሞዜ ከኋላው "ነግሬህ ነበር" እስኪባል ጠበቀ። ጋሽ ይሻው ግን ጃንጥላቸውን አንስተው ወደ ቤታቸው ሄዱ። ይህ ከስድብ ብሶ አንገበገበው።

ከሁለት ቀን በኋላ፣ ቅዳሜ፣ ታምራት ከባሕር ዳር ሁለት የፊልትሮ ቤት አስመጣ፤ መርጠው ያልተፈለገውን ሊመልሱ ነው። አንዱ አዲስ ነው፤ ያብረቀርቃል፣ የወረቀት ምልክቱ እንኳ ገና አልተላጠም። ሌላው ከተገለበጠ መኪና የተፈታ ነው፤ ተቧጥጧል፣ አንደኛው መቆለፊያ ጠፍቶ በሽቦ ታስሯል። ደሞዜ አሮጌውን በእግሩ ገፋ አድርጎ አዲሱን አቀፈ። ታምራት አይጥ በበላችው ሣጥን ለክቶ የቱቦውን አፍ አስተያየ፣ ብሎኑ የሚገባበትን ቀዳዳ ቆጠረ፣ ሁሉም ልክ ነው አለ። ሊገጥም ሲያጎነብስ ያ የተፈራው ቃል መጣ።

"እኔ ምን አገባኝ። ብቻ ጨለማ ሳታዩበት አትግጠሙት።"

ጨለማ ምንድን ነው ተባሉ። ክዳኑን ዝጉና ውስጡ ብርሃን አኑሩ፣ ብርሃኑ ካመለጠ አቧራውም ይገባል አሉ። ደሞዜ ሁለት ሌሊት አልተኛም። መናኸሪያው ሙሉ ሚያው ሲለው ሰንብቷል። ትዕግሥቱ አለቀ።

"ጋሽ ይሻው፣ ለመሆኑ በዕድሜዎ መኪና ነድተው ያውቃሉ?"

ታምራት መፍቻውን እንደያዘ ቆመ። ለታላቅ ሰው እንዲህ አይባልም። ደሞዜ ራሱ ቃሉ ከአፉ ከወጣ በኋላ ደነገጠ።

"አላውቅም" አሉ ጋሽ ይሻው። "ጎተራ ውስጥ ተዘግቼ ግን አውቃለሁ።"

ከዚያ ያለ ቁጣ ነገሯቸው። ያደጉት ከጉና ሥር ነው። በየዓመቱ እህል ከመግባቱ በፊት አባታቸው ጎተራውን በጭቃና በእበት ይለስኑና፣ ከቤቱ ልጅ ትንሹን እሳቸውን ውስጥ አስገብተው ክዳኑን ይዘጉባቸው ነበር። እሳቸው በጨለማው ተቀምጠው ብርሃን የሚሾልክበትን እየተጣሩ ይናገራሉ፤ አባት ከውጭ ያንን ይደፍናሉ። ብርሃን ጨርሶ ጠፍቶ ልጁ እስኪያለቅስ ድረስ ጎተራው ጎተራ አይባልም። ብርሃን ያለፈበት አይጥ ያልፍበታል፣ አይጥ ያለፈበት ቤት ደግሞ ክረምቱን አይወጣም ይሉ ነበር አባታቸው። "ያልጠረጠረ ተመነጠረ" ብለው ጋሽ ይሻው ነገራቸውን ዘጉ።

ደሞዜ ለነገሩ ሳይሆን ለጥፋቱ ካሣ ብሎ እሺ አለ። የስልኩን መብራት አብርቶ አዲሱ ሣጥን ውስጥ ከተተ፤ ታምራት ማጣሪያውን አስቀምጦ ክዳኑን ቆለፈ፣ የአየር መግቢያና መውጫውን በጨርቅ ጠቀጠቀ። ቀን ነው፤ ጨለማ ከየት ይምጣ። ጋሽ ይሻው ጋቢያቸውን አውልቀው በሦስቱም ራስ ላይ ደፉት። የደብረ ታቦር የቅዳሜ ገበያተኛ በዚያ ያልፋል። ሦስት ወንዶች በአንድ ጋቢ ተከናንበው ኮፈን ውስጥ እንደተደፉ ሲያይ ማን ዝም ብሎ ያልፋል፤ ሰው ተሰበሰበ። አንዲት ሽንኩርት የያዙ አሮጊት አማትበው፣ ነፍሱ ወጣች አይዶል ብለው ጠየቁ።

በጋቢው ሥር የሽንኩርቱ ሽታ፣ የናፍታው ሽታና የሦስት ሰው ትንፋሽ ተደባልቋል። ደሞዜ ዓይኑ ጨለማውን እስኪለምድ ጠበቀ።

"ይታያችኋል?" አሉ ጋሽ ይሻው።

ታየው። በክዳኑ አንድ ማዕዘን፣ እንደ ምላጭ የቀጠነ ብርሃን ጣት በሚያህል ርዝመት ተዘርግቷል። የሚያብረቀርቀው አዲሱ ሣጥን ክዳኑ ጠሟል። ደሞዜ ደርቆ ቀረ። ይህን ገጥሞ፣ ፎክሮ፣ ያንን ሁሉ የጉና አቧራ ሞተሩን ሊያስግጠው ነበር።

"ጋሼ፣ ያፈስሳል።"

"የቱ ላይ? እጄን ያዝና አሳየኝ።"

እጃቸውን ይዞ ጣታቸውን ማዕዘኑ ላይ አኖረላቸው። እሳቸው በጣታቸው ዳብሰው ራሳቸውን ነቀነቁ። ቀጥሎ ያን የተቧጠጠውን፣ በሽቦ የታሰረውን ሣጥን በዚያው ሥርዓት ሞከሩት። በጋቢው ሥር ድፍን ጨለማ ሆነ፤ ደሞዜ የገዛ አፍንጫውን ማየት አቃተው። ጨለማ ነው ብሎ ነገራቸው። እንግዲያው እሱን ግጠሙት አሉ።

ገጠሙት። አዲስ ማጣሪያ ገባበት። መኪናዋ ስትነሳ ጭሱ አልነበረም፤ በማግስቱ የጉናን ዳገት ስትወጣም አላቃሰተችም። ደሞዜ መናኸሪያ ገብቶ ታሪኩን በራሱ ላይ እየሳቀ አወራው። ሚያው የሚለው ጠፋ።

ከሦስት ሳምንት በኋላ ውሃ ሊጨምር መናኸሪያው በር ላይ ኮፈኑን ከፈተ። ማንም አልመጣም። ውሃውን ጨመረ። ወደ ኋላ ዞሮ አየ። ኮፈኑን ዘግቶ እንደገና ከፈተው፤ ማጠፊያው ሲጥ ሲል ከሦስት ሰፈር ይሰማል። ማንም የለም። ጋሽ ይሻው በጉም ውስጥ በበቅሎ የመጡበት ያን ቀን እንኳ እንዲህ አልደነገጠም። ታምራት ከማዶ ሆኖ መጋቤ ኮፈን ወዴት ጠፉ ብሎ ጮኸ።

"እኔ ምን አገባኝ" አለ ደሞዜ። "ብቻ ልያቸው" ብሎ ሄደ።

በራቸው ላይ ባለቤታቸው እትዬ ትርንጎ ተቀበሉት። ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው የነገሩት ነገር ባለበት አቆመው። የጋሽ ይሻውን ሁለቱንም ዓይን ሞራ ከጋረደው ዓመት አልፎታል። ጥላ ጥላውን እንጂ ሌላ አያዩም፤ ለማንም እንዳይናገሩ እትዬ ትርንጎን አስምለዋቸው ነበር። ባለፈው ሰሞን አንድ ሾፌር የተዘጋ ኮፈን ፊት ቆመው ሲመክሩ አገኛቸውና ሰው ሰብስቦ ሳቀባቸው። ከዚያ ወዲያ ከደጅ አልወጡም። ሐሙስ ባሕር ዳር የዓይን ሐኪም ቀጠሮ አለ፤ ሞራው ይገፈፋል ተብሏል። እሳቸው ግን አልሄድም፣ የሰው መሳቂያ ሆኜ አውቶቡስ ላይ በእጅ ተይዤ አልወጣም ብለው ተኝተዋል።

ደሞዜ ጣታቸውን ይዞ ማዕዘኑ ላይ ያኖረው ትዝ አለው። መኪና ነድተው ያውቃሉ ያለውም ትዝ አለው።

ሐሙስ እኔ በመኪናዬ ላድርስዎት ብሎ ገብቶ ቢለምናቸው እምቢ እንደሚሉ ያውቃል። መኪናውን አምጥቶ አፏን በአጥራቸው በር ላይ አቆማት። ሞተሩን ሳያጠፋ ወረደና ኮፈኑን ቀስ አድርጎ አነሳው፤ ማጠፊያው ሲጥ አለ። ጠበቀ። ከቤት ውስጥ ጃንጥላ ወለሉን ሲነካ ተሰማ። ጋሽ ይሻው ደፉን ተሻግረው፣ በእግራቸው እየለኩ መጥተው፣ ከሞተሩ ፊት ቆሙ። ጃንጥላውን በክንዳቸው አንጠልጥለው እጃቸውን ወደ ኋላ አጣመሩ።

ምን ሆነች አሉ።

"እንጃ ጋሼ፣ አንድ ነገር ብላኛለች" ብሎ ዋሸ ደሞዜ። መኪናዋ ደህና ነበረች።

ጋሽ ይሻው አንገታቸውን ዘንበል አድርገው ብዙ አዳመጡ። እትዬ ትርንጎ በሩን ተደግፈው አፋቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ።

"እኔ ምን አገባኝ" አሉ በመጨረሻ። "ብቻ በዚህ በላላ ቺንጋ ሐሙስ ባሕር ዳር አንደርስም።"

ደሞዜ ሞተሩን አጠፋና እጁን ሰዶ ቺንጋውን ነካው። ላልቷል።